ጓድ እና ጓዳ

አማርኛ ለገዢ ሚስት መጠሪያ አጥቶ አያውቅም። እቴጌ ይላል፤ ግርማዊት ይላል፤ እመቤት ይላል። እቴጌ ጣይቱ ብጡል ከባለቤታቸው ከዳግማዊ ምኒልክ ጋር አድዋ ዘምተው ስማቸውን ከድሉ ጋር አስተሳስረዋል። እቴጌ መነን አስፋው የካቲት 8 ቀን 1954 ዓ.ም. እስኪያርፉ ድረስ የንጉሠ ነገሥቱ ሚስት ብቻ ሳይሆኑ፣ በስማቸው የልጃገረዶች ትምህርት ቤት የቆመላቸው የአደባባይ ሰው ነበሩ። ሕዝቡ ወደዳቸውም ጠላቸውም ያውቃቸዋል። ቤተ መንግሥት ማለት ንጉሥና ንግሥት፣ ልጆችና የልጅ ልጆች ያሉበት ቤት መሆኑን ማንም አይስተውም።

ከመስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. በኋላ ግን ይህ ሁሉ በአንድ ቃል ተተካ። ያም ቃል «ጓድ» ነው። ሹሙም ጓድ፣ ወታደሩም ጓድ፣ የቀበሌው ሊቀመንበርም ጓድ ሆነ። «ጓድ ሊቀመንበር» ሲባል ማን እንደሆነ አገሩ ሁሉ ያውቃል። የጓድ ሊቀመንበር ሚስት ግን ምን ትባላለች? እቴጌ እንዳትባል ዘውዱ ወድቋል፤ ዛሬ የለመድነው «ቀዳማዊት እመቤት» የሚለው አጠራርም ለዚያ ዘመን ጆሮ ባዳ ነው። ስለዚህ መጠሪያ አልነበራቸውም። መጠሪያ ስላልነበራቸውም ለአሥራ ሰባት ዓመት ያህል በሕዝብ ዓይን ፊት እንደሌሉ ሆነው ኖሩ።

እኒህ ሴት ወይዘሮ ውባንቺ ቢሻው ይባላሉ።

እኔ ደርግ በወደቀ ማግስት የተወለድሁ ነኝ። ዘመኑን በዓይኔ አላየሁትም፤ የማውቀው ከመጻሕፍትና ሰባተኛ አካባቢ በየቀኑ ከማገኛቸው ታላላቆቼ አንደበት ነው። ስለ ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለ ማርያም የጠየቅሁት ሰው ሁሉ የሚነግረኝ አያጣም፤ ድምፃቸውን አስመስሎ የሚያሳየኝም አለ። «ሚስታቸውስ?» ስል ግን ጨዋታው ይቆማል። ስማቸውን የሚያስታውስ ይገኛል፤ ድምፃቸውን ሰማሁ የሚል ግን እስካሁን አልገጠመኝም። ይህ ዝምታ ከየት መጣ? በዚህ ጽሑፍ ልጠይቅ የፈለግሁት ይህንን ነው። የሰው ጓዳ ለመቦርቦር አይደለም፤ የገዢው ጓዳ በተዘጋበት በዚያው ዘመን የተገዢው ጓዳ ለምን ተበረገደ የሚለው ስላሳሰበኝ ነው።

ስለ ጥንዶቹ በአደባባይ የሚታወቀው ጥቂት ነው። ኮሎኔል መንግሥቱ በሆለታ ገነት ጦር ትምህርት ቤት የሠለጠኑ፣ ለተጨማሪ ትምህርት ወደ አሜሪካ የተላኩ፣ ሐረር ላይ በሦስተኛው ክፍለ ጦር ያገለገሉ መኮንን ናቸው። ከወይዘሮ ውባንቺ ጋር የተጋቡት ከአብዮቱ በፊት ነው፤ ሦስት ልጆች አፍርተዋል። ስለዚህ ትዳሩ የወታደር ቤት ትዳር ሆኖ ተጀምሮ ኋላ ታላቁን ቤተ መንግሥት ያየ ትዳር ነው። ከዚህ የሚያልፍ ነገር ሕዝብ እንዲያውቅ አልተፈለገም። የደርግ ዘመን ጋዜጣ የሊቀመንበሩን ንግግር ሙሉ ገጽ ሲያትም፣ ከአንባቢዎቹ መካከል ሊቀመንበሩ ማታ ቤታቸው ሲገቡ ማን እንደሚቀበላቸው የሚያውቅ ስንቱ ነበር?

ሶሻሊስት አገር ሁሉ እንዲህ አልነበረም። የሩማንያው ኒኮላይ ቻውሼስኩ ሚስት ኤሌና በባሏ መንግሥት ውስጥ የመጀመሪያ ምክትል ጠቅላይ ሚኒስትር እስከመሆን ደርሳለች፤ «ታላቅ የኬሚስትሪ ሊቅ» እየተባለችም ስትወደስ ኖራለች። ባልና ሚስት አብረው ገዙ፤ ታኅሣሥ 16 ቀን 1982 ዓ.ም. አብረው በጥይት ተገደሉ። በምሥራቅ ጀርመን የኤሪክ ሆኔከር ሚስት ማርጎት እ.ኤ.አ. ከ1963 እስከ 1989 የትምህርት ሚኒስትር ነበረች። በቻይና የማኦ ሚስት ጂያንግ ቺንግ የባህል አብዮቱ ዋና ዘዋሪ ከሆኑት አንዷ ነበረች፤ ባሏ በሞተ በወሩ ታሰረች፤ ሞትም ተፈረደባት፤ ፍርዱ ወደ ዕድሜ ልክ ከተለወጠላት በኋላ ግንቦት 6 ቀን 1983 ዓ.ም. በገዛ እጇ ሕይወቷን አጠፋች። ልብ በሉ፤ ኮሎኔል መንግሥቱ ኢትዮጵያን ጥለው የወጡት ልክ በሳምንቱ፣ ግንቦት 13 ቀን ነው።

ሌላም መንገድ ነበር። ስታሊን ሚስቱ ናዴዥዳ እ.ኤ.አ. በ1932 ራሷን ስታጠፋ የሞቷ ምክንያት ለሕዝብ እንዳይነገር አድርጓል። ፊደል ካስትሮም ከዳሊያ ሶቶ ዴል ባዬ አምስት ወንዶች ልጆች ወልዶ ሲኖር፣ ሴትዮዋ ለአሥርት ዓመታት በኩባ ጋዜጣና ቴሌቪዥን አልታየችም። ካስትሮ በመጋቢት 1969 ዓ.ም.፣ ኋላም በመስከረም 1971 ዓ.ም. አዲስ አበባ መጥቶ በአብዮት አደባባይ የታየ የሊቀመንበራችን ወዳጅ ነው። በቤት አያያዝ ረገድ ሁለቱ መሪዎች ተመሳስለዋል። የእኛው መሪ በዚህ ነገር ከቡካሬስት ይልቅ ለሐቫና ይቀርቡ ነበር ማለት ነው።

ለምን? አንዱ ምክንያት ከደርጉ አፈጣጠር ይመነጫል። ደርግ ከየክፍሉ የተወከሉ ከመቶ የሚበልጡ ወታደሮች ጉባኤ ነበር፤ ከመካከላቸው አንዲት ሴት አልነበረችም። የጦር ሰፈር ልማድ ሚስትን ከሥራ ጉዳይ ያርቃል። ሁለተኛው ምክንያት አብዮቱ ራሱን ያጸደቀበት ክስ ነው። የወደቀው ሥርዓት «የአንድ ቤተሰብ አገዛዝ» ተብሎ ተወግዟል። የንጉሡ ልጅ ልዕልት ተናኘ ወርቅና ሌሎች የቤተሰቡ ሴቶች በ1967 ዓ.ም. መባቻ ታስረው እስከ 1980 ዓ.ም. ድረስ በወኅኒ ቆይተዋል። አንድን የንጉሥ ቤተሰብ በቤተሰብነቱ ያሰረ መንግሥት የራሱን መሪ ሚስትና ልጆች በአደባባይ ሊያሳይ እንዴት ይደፍራል? ሦስተኛው ፍርሃት ነው። መስከረም 13 ቀን 1969 ዓ.ም. በኮሎኔሉ ላይ የግድያ ሙከራ ተደርጎ ቆስለዋል። ከዚያ ወዲህ የቤታቸው ደጅ የአገር ምስጢር ቢሆን አይደንቅም።

አራተኛው ግን ከሁሉም ይጠልቃል፤ እርሱም «ገመና» የሚለው ቃላችን ነው። ገመና ማለት በቤት ውስጥ ሊቀር የሚገባው ነገር ሁሉ ነው፤ ድህነቱም፣ ጠቡም፣ ዕንባውም፣ ፍቅሩም። ያገራችን ሰው የገመናውን መሸፈኛ ከልብሱ እኩል ያየዋል። «ገመናዬን ሸፍንልኝ» ብሎ ፈጣሪውን ይለምናል። የቤተ መንግሥቱ ሰዎች ማርክስንና ሌኒንን ሲጠቅሱ ይዋሉ እንጂ፣ ማታ የሚገቡት ወደዚህ ጥንታዊ ቃል ነበር። በዚህ ብቻ ቢሆን ማንም ባልወቀሳቸው። ወቀሳው የሚጀምረው ለራሳቸው ያቆዩትን ለሌላው በመንፈጋቸው ነው።

እስቲ ከቤተ መንግሥቱ ወደ ሰባተኛ እንውረድ።

ሐምሌ 19 ቀን 1967 ዓ.ም. የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤትን የመንግሥት ያደረገው አዋጅ ቁጥር 47 ወጣ። አዋጁ ለአንድ ቤተሰብ ከአንድ በላይ መኖሪያ ቤት አይፈቅድም። የወር ኪራያቸው ከመቶ ብር በታች የነበሩት ቤቶች በቀበሌ እጅ ገቡ፤ ከዚያ በላይ የነበሩት ወደ ኪራይ ቤቶች አስተዳደር ሄዱ። በመርካቶ ዙሪያ የነበሩት የጭቃ ቤቶች በአብዛኛው ኪራያቸው ዝቅተኛ ስለነበር «የቀበሌ ቤት» ሆኑ። አዋጁ ለድኻው ያመጣው በጎ ነገር ነበር፤ ኪራይ ቀነሰለት፤ ባለቤቱ ድንገት ከሚያባርረው ሥጋትም አሳረፈው። ሰባተኛ ዙሪያ «እኔን ያኖረኝ ያ አዋጅ ነው» የሚሉ እናቶች ዛሬም ይገኛሉ፤ እውነታቸውን ነው።

ነገር ግን ቤቱን የሰጠ ቀበሌ የቤቱንም በር ያዘ። ማን አደረ፣ እንግዳው ከየት መጣ፣ ልጁ የት አመሸ የሚለው ሁሉ የቀበሌ ጉዳይ ሆነ። የባልና ሚስት ጠብ ሳይቀር በቀበሌው ፍርድ ሸንጎ የሚሰማበት ጊዜ ነበር። ስኳሩም ሳሙናውም በኅብረት ሱቅ በኩል ስለሚታደል የቤተሰቡ ቁጥር በመዝገብ ሰፍሯል። ሰባተኛን የሚያውቅ ደግሞ ግድግዳውን ያውቃል። ጭቃ በጭድ የተመረገ ግድግዳ ነው፤ ጎረቤት ሲያስነጥስ «ይማርህ» የምትለው ከአልጋህ ሳትነሣ ነው። በእንዲህ ያለ ሰፈር ገመና የሚጠበቀው በግድግዳው ውፍረት ሳይሆን በጎረቤት ጨዋነት ነበር። ሰምቶ እንዳልሰማ የሚሆን ጎረቤት የድኻው ኮርኒስ፣ የድኻው መጋረጃ ነው። የጎረቤቱ ጆሮ የመንግሥት ጆሮ ሲሆን ያ መጋረጃ ተቀደደ።

በ1969 ዓ.ም. በከተማዋ ቤት ለቤት አሰሳ ተካሄደ። አልጋ ተገለበጠ፤ የእህል ጎተራ ተበረበረ፤ ለባል የተጻፈ ደብዳቤ በማያውቁት ሰው እጅ ተነበበ። በቀይ ሽብር ጊዜ የተገደለ ልጇን እናት እንዳታለቅስ ተከለከለች፤ አስከሬን ለመውሰድ የጥይት ዋጋ የተጠየቁ ቤተሰቦችም ነበሩ። አንባቢ ሆይ፤ ልቅሶን የመሰለ ገመና ምን አለ? ደግሞም ልቅሶ ከቤት ወጥቶ ድንኳን የሚተከልለት ገመና ነው። ያን ጊዜ ግን በጓዳ፣ ነጠላ ተነክሶ፣ ድምፅ ሳይወጣ ተለቀሰ። ጓድ ወደ ጓዳ ገባ፤ ጓዳውም ለባለቤቶቹ ጠበባቸው።

አንድ ነገር ልንገራችሁ። የምተዳደረው በባንክ ጸሐፊነት ነው። ሒሳብ ለመክፈት በሚሞላው ቅጽ ላይ «የትዳር ሁኔታ» የሚል ጥያቄ አለ። አንድ ቀን አንዲት በዕድሜ የገፉ እናት ከፊቴ ተቀምጠው ቅጹን ስሞላላቸው ወደዚያ ጥያቄ ደረስሁ።

«እማማ፣ ባለትዳር ነዎት?» አልኋቸው።

ጥቂት ዝም አሉና «በስልሳ ዘጠኝ ወጥቶ ቀረ» አሉኝ።

«አርፈዋል ልበል?»

«አረፈ ያለኝ የለም ልጄ። አስከሬንም አላየሁ፤ ወረቀትም አልሰጡኝ። እንዳመጣልህ ጻፈው።»

ያገባች፣ ያላገባች፣ የፈታች፣ ባል የሞተባት ከሚሉት ሳጥኖች ለእኒህ ሴት የሚሆን አላገኘሁም። ሳጥን ያጡት በእኛ ቅጽ ላይ ብቻ አልነበረም፤ ከአርባ ዓመት በላይ በሕይወትም በሞትም መዝገብ ሳይገኙ የኖሩ ሚስት ነበሩ። ያን ቀን ስለ ቤተ መንግሥቷ ዝምተኛ ሴት ለመጀመሪያ ጊዜ አጥብቄ አሰብሁ። ሁለት ሚስቶች፣ አንድ ዘመን፣ አንድ ከተማ። የአንዷ ትዳር በጠባቂ ታጥሮ ከሰው ዓይን ተሸሸገ፤ የሌላዋ ትዳር ባለቤቷን ይዘው በሄዱ ሰዎች ፈረሰ። ሁለቱም አልተናገሩም። ዝምታቸው ግን አንድ አይደለም፤ አንዱ መጠለያ ነበር፣ ሌላው ቁስል።

አብዮቱ ለሴቶች ያደረገውን ሳልጠቅስ ባልፍ ፍርደ ገምድል እሆናለሁ። በ1972 ዓ.ም. የአብዮታዊት ኢትዮጵያ ሴቶች ማኅበር፣ አኢሴማ፣ ተቋቁሞ በየቀበሌው ሴቶችን አደራጅቷል፤ በመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ፊደል የቆጠሩ ብዙ እናቶች አሉ። የማኅበሩ መሪ ጓድ አሰገደች ብዙነህ እንጂ የሊቀመንበሩ ሚስት አልነበሩም፤ ይህም ከሩማንያው አሠራር ይሻላል ያሰኛል። ሆኖም አንድ የሚያስገርም ነገር አለ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ «ባል የቤተሰቡ ራስ ነው» ይል ነበር። መሬትን ለአራሹ፣ ፋብሪካን ለመንግሥት፣ ትርፍ ቤትን ለቀበሌ የሰጠው አብዮት በአሥራ ሰባት ዓመት ውስጥ ይህችን አንቀጽ አልሻረም። የተሻረችው በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ሲወጣ ነው። ባላባትን ከርስቱ የነቀለ ሥርዓት ባልን ከዙፋኑ አልነቀለም። ስለዚህ የቤተ መንግሥቷ ሴት ዝምታ የአንድ ባልና ሚስት ጠባይ ብቻ ተደርጎ ሊታይ አይገባውም፤ አብዮቱ ያልደረሰበት ትልቅ ክፍል በእያንዳንዱ ቤት ውስጥ እንደነበረ ያሳያል።

ያ ቤተ መንግሥት ራሱ ሌላ ምስጢር ነበረበት። ንጉሠ ነገሥቱ በነሐሴ 1967 ዓ.ም. ሞቱ ሲባል መቃብራቸው አልተነገረም። በ1984 ዓ.ም. አፅማቸው በዚያው በታላቁ ቤተ መንግሥት ቅጥር ግቢ ከሲሚንቶ ወለል ሥር ተቆፍሮ ወጣ፤ ጥቅምት 26 ቀን 1993 ዓ.ም. በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ከእቴጌ መነን አጠገብ አረፈ። ለሠላሳ ስምንት ዓመት ተለያይተው የነበሩ ባልና ሚስት እንዲህ ተገናኙ። ጥር 26 ቀን 1969 ዓ.ም. ጄኔራል ተፈሪ በንቲና ጓዶቻቸው ከስብሰባ ተይዘው የተገደሉትም እዚያው ግቢ ነው። በእንዲህ ያለ ግቢ ውስጥ ልጅ ማሳደግ፣ ራት ማቅረብ፣ «ዛሬ እንዴት ዋልክ?» ብሎ ባልን መጠየቅ ምን ይመስል ነበር? ለጥያቄው መልስ መስጠት የምትችለው አንዲት ሴት ብቻ ናት።

ግንቦት 1983 ዓ.ም. መጣ። ኮሎኔል መንግሥቱ ወደ ደቡብ የጦር ማሠልጠኛ ሊጎበኙ ነው ተብሎ ተነሥተው በናይሮቢ በኩል ሐራሬ ገቡ። ቤተሰባቸው ከእርሳቸው ቀድሞ ከአገር መውጣቱ በወቅቱ ተዘግቧል። አባት ልጆቹን ከእሳት አስቀድሞ ቢያወጣ ማን ይፈርድበታል? እኔም አልፈርድም። ነገር ግን በየቀበሌው በአፈሳ ተይዞ ለብሔራዊ ውትድርና የተላከው ልጅም አባት ነበረው፤ ያም አባት ልጁን ከእሳት ሊያወጣ ሽቶ በር ዘግቶበት ነበር፤ በሩ ግን በጓዶች ተገፍቶ ተከፈተ። ግንቦት 1982 ዓ.ም. የተረሸኑት አሥራ ሁለት ጄኔራሎችም ሚስቶች ነበሯቸው። ፍርዴ በዚህ ላይ ነው። አባትነት ለሁሉ እኩል የተሰጠ ነገር ሆኖ ሳለ፣ በዚያ ዘመን ሙሉ አባት የመሆን ፈቃድ የአንድ ግቢ መብት ሆኖ ነበር።

ጥንዶቹን ዓለም እንደ ተራ ባልና ሚስት ያያቸው በስደት ነው፤ ያውም በክፉ ቀን። በጥቅምት 1988 ዓ.ም. ሐራሬ ውስጥ ጋንሂል በተባለው ሰፈር ከቤታቸው አቅራቢያ በእግር ሲንሸራሸሩ አንድ ኤርትራዊ ሽጉጥ ተኮሰባቸው፤ ከሞት ተረፉ። በዜናው ውስጥ አንድ ሐረግ ቀልቤን ይስበዋል፤ «ከባለቤታቸው ጋር በእግር ሲንሸራሸሩ» የሚለው። በአዲስ አበባ ጎዳና ሕዝብ ያላየውን የሐራሬ ጎዳና አየ። ከዚያ በኋላ በታኅሣሥ 1999 ዓ.ም. ፍርድ ቤት ኮሎኔሉን በሌሉበት በዘር ማጥፋት ጥፋተኛ አላቸው፤ በጥር ዕድሜ ልክ እስራት፣ በግንቦት 2000 ዓ.ም. ደግሞ በይግባኝ ሞት ተፈረደባቸው። በ2010 ዓ.ም. ክረምት የቀድሞው ጠቅላይ ሚኒስትር ኃይለ ማርያም ደሳለኝ ሐራሬ ላይ አግኝተዋቸው የተነሡት ፎቶግራፍ ሲሠራጭ፣ አገሩ ያየው ያረጁ አባወራ ነበር። አንዱ በናፍቆት፣ ሌላው በቁጣ ተመለከተው።

ኮሎኔሉ በገነት አየለ መጽሐፍ በኩል ትዝታቸውን ተናግረዋል፤ «ትግላችን» በተሰኘው መጽሐፍም የራሳቸውን ታሪክ ጽፈዋል። ከሌላው ወገን ደግሞ ሕይወት ተፈራ «ማማ በሰማይ» ላይ የዚያን ትውልድ ፍቅር ከነሐዘኑ አኑራልናለች፤ ያፈቀረችው ጌታቸው ማሩ በገዛ ድርጅቱ በኢሕአፓ እጅ የጠፋ ሰው ነው። እንግዲህ የተሸነፉት ጓዳቸውን ከፍተው አሳዩን። ሥልጣን ከያዙት ቤት ግን የሴቲቱ የራሷ መጽሐፍ በእጄ አልገባም። ወይዘሮ ውባንቺ የመናገር ግዴታ የለባቸውም፤ ዝም ማለት መብታቸው ነው። ታሪካችን ግን በዚያ ዝምታ ልክ ጎዶሎ ሆኖ ይኖራል። የተዘጋ ደጅ ሐሜትን እንጂ ዕውቀትን አይወልድም፤ ሐሜቱም ያየነውን ያህል አይቶ ሰባተኛ ድረስ ወርዷል።

«ጓድ» እና «ጓዳ» በአማርኛ ፊደል የሚለያዩት በአንዲት ቅጥያ ነው። አብዮቱ ሁለቱን ሊያዋሕዳቸው ሞከረ፤ የሰው ጓዳ ሁሉ ለጓዶች ክፍት እንዲሆን ፈለገ። አንዲት ጓዳ ብቻ ሳትወረስ ቀረች። ያቺ ጓዳ ባልና ሚስት ሳይሰሙ የሚነጋገሩባት፣ ልጅ ሳይፈራ የሚተኛባት፣ ሐዘንም ደስታም በባለቤቱ ፈቃድ የሚወጣባት ቤት ከነበረች፣ ክፋቷ ባለመወረሷ አይደለም፤ እንደ እርሷ ያለች ጓዳ ለሰባተኛዋ እናት አለመፈቀዷ ነው። ባለቤቷ «በስልሳ ዘጠኝ ወጥቶ» የቀረባት ሴት የምትሻው ይህንኑ ነበር፤ ማታ በሩን ዘግታ፣ ለአንድ ሰው «እንዴት ዋልክ?» ማለት።